ሎሚ አራጋው ከዕንቁዋ ጋር የተሟገተች ጊዜ

ሎሚ አራጋው ከረጋች ወዲህ ቤቱ ውስጥ ሁለት ሎሚዎች ነበሩ፤ አንዷ ትናገራለች፣ አንዷ ትበላለች። የምትናገረው ሳሎን ውስጥ፣ ከግድግዳው ጋር ተያይዞ በተሠራላት መደርደሪያ ላይ፣ ነጭ ጨርቅ ተነጥፎላት ተቀምጣለች፤ የዶሮ እንቁላል ታህላለች። የምትበላው ከጓዳው አጠገብ ባለችው ጠባብ ክፍል አልጋዋ ላይ ናት። ጠዋት ቤተሰቡ ተነስቶ ፊቱን ሲታጠብ መጀመሪያ «እንዴት አደርሽ» የሚለው የሳሎኗን ነው። ሎሚ የሚለው ስም የእሷ ነው። የጓዳዋን «ቀሪዋ» ይሏታል። ጎረቤት ብቅ ሲል «ቀሪዋ ደህና አደረች? ቁርስ ቀመሰች?» ብሎ ይጠይቃል። በክፋት አይደለም፤ የአፋፍ ከተማ ወግ ነው። ሰው ሰባ ዓመት ሲሞላው ይረጋል፤ ከረጋ በኋላ ሰውየው ዕንቁው ነው፣ የተረፈው ሥጋ ደግሞ እስኪያልፍ ድረስ በክብር ይጦራል።

ልጇ ጦይባ «ቀሪ» የሚለውን ቃል ከአፏ አውጥታ አታውቅም። ገበያው አጠገብ ሹሩባ ቤት አላት፤ ቀኑን ሙሉ የሰው ጭንቅላት ጉልበቷ መሃል አድርጋ ስትጎነጉን ስለምትውል የከተማው ወሬ በሙሉ በእጇ ያልፋል። ስለ እናቷ ሲነሳ ግን ነገር ታሳጥራለች። «እማ ደህና ናት» ብላ ትዘጋዋለች። «የቷ እማ?» የምትል ደንበኛ ከመጣች ጸጉሯን ጠበቅ አድርጋ ትይዝላታለች፤ ሴትዮዋም ከዚያ በኋላ ሌላ ጥያቄ አታነሳም።

ነገሩ የተጀመረው ከአስካል ዘውገ ነው። አፋፍ ገና ከገደሉ ሥር ኦፓል የተባለው የከበረ ድንጋይ የሚቆፈርባት መንደር በነበረችበት ዘመን አስካል የማዕድን መምህርት ነበረች። ውኃ ውስጥ የሟሟ ነገር ሳይነካኩት ሲቀር፣ ጊዜም ሲያገኝ፣ ማዕዘንና መልክ አውጥቶ ክሪስታል ይሆናል፤ የሰውም ልቡና እንዲሁ ነው አለች። የሚናጠው፣ የሚፈራው፣ የሚቆጣው፣ ዛሬ ይህን ነገ ያን የሚለው ገና ሰው አልሆነም፤ ሰው የረጋው ነው። በዚያ ዘመን ሁሉም ሰው የሚናገረውን የሚያዳምጥ መሣሪያ በኪሱ ይዞ ይዞር ነበር። ሐሳቡን ይነግረዋል፤ መሣሪያው ደብዳቤውን ይጽፍለታል፣ ለአለቃው ይመልስለታል፣ ከአማቱም ጋር ያስታርቀዋል። አስካል የጨመረችው ነገር ቢኖር ቃሉ የሚቀመጥበትንና በባለቤቱ ድምፅ የሚመልሰውን ዕንቁ፣ ትምህርቱንም ብቻ ነው። መጀመሪያ ጥቂት ተማሪዎች ነበሯት። አሁን ባንኩም፣ ቀበሌውም፣ ሐኪም ቤቱም የሚሰማው ዕንቁን ነው።

ሐሙስ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ሱቅ ይዘጋል፤ ሁሉም ዕንቁው ፊት ተቀምጦ ቃል ያስቀምጣል። ያየውን፣ የሚወደውን፣ የማይፈልገውን ይናገራል። ደንቡ አንድ ነው፤ ረግቶ መናገር። ድምፅህ ከተንቀጠቀጠ፣ ከሳቅህ፣ ካለቀስክ ወይም ከተሳደብክ ዕንቁው ፊት ያለችው ትንሽ መብራት ትጠፋለች፤ ያልከውም አይቆጠርም። የደፈረሰ ቃል ይሉታል። ውኃ ጠጥተህ፣ በረንዳ ላይ ነፋስ ተቀብለህ፣ ስትረጋ ትመለሳለህ። በዚህ የተነሳ የአፋፍ ሰው ሲናደድ እንኳ ቀስ ብሎ ነው የሚናደደው፤ እንግዳ የመጣ እንደሆነ ከተማው በሙሉ ለቅሶ የተቀመጠ ይመስለዋል።

በመጋቢት ወር የምትበላዋ ሎሚ መብላት አቆመች።

ጦይባ እናቷን ደግፋ ሐኪም ቤት ወሰደቻት። ዶክተር ትሁት የምትባለው ሐኪም ወጣት ናት፤ በእጇም በዓይኗም የምታክም ዓይነት። ሆዷን ዳበሰች፣ ምስል አነሳች፣ ከዚያ ወንበሯን ወደ ጦይባ አዞረች።

«ዕጢ ነው» አለች። «አንጀታቸው ላይ ነው። ደግነቱ አልተሰራጨም። አሁን ከወጣ ይድናሉ። ካልወጣ ክረምቱን የሚዘልቁት አይመስለኝም።»

«እንግዲያው ይውጣላ» አለች ጦይባ። «ዛሬ ይሆናል?»

«ፈቃድ ጠይቄ ነበር። አልተሰጠኝም።»

«ማንን ጠይቀሽ?»

«ወይዘሮ ሎሚን።»

ጦይባ እናቷን አየቻት። እናቷ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀምጣ የቀሚሷን ቁልፍ እየቆለፈች ነበር። «እናቴ ይቺውና» አለች ጦይባ። «መቼ ጠየቅሻት?»

ዶክተሯ ጠረጴዛዋን ነካ አደረገች። የሳሎኗ ሎሚ ድምፅ ክፍሉን ሞላው፤ ከአልጋው ላይ ካለችው ድምፅ የወፈረ፣ የጠራ፣ የማይቸኩል ድምፅ። «እኔን ቢላ አይነካኝም» አለ። «ባሌን ቆርጠው ገደሉት። እኔ እንደመጣሁ እሄዳለሁ።»

«አልልም» አለች እናቷ። ቁልፉ ከእጇ አመለጣት። «እኔ መኖር ነው የምፈልገው። ዶክተር፣ ልጄ፣ ቁረጡኝ። ዛሬ ቁረጡኝ።»

ዶክተር ትሁት አጎንብሳ ቁልፉን ቆለፈችላት። «እማማ፣ ከረጉ በኋላ የተናገሩት ተን ነው፤ አይቆጠርም» አለች ቀስ ብላ። «በእኔ ቢሆን እሰማዎት ነበር። ከሰማሁዎት ግን ነገ እዚህ ወንበር ላይ አልቀመጥም፤ ዕጢውን የሚያወጣውም ሌላ ሰው አይኖርም።» ዓይኗ እንባ አቀረረ፤ ወዲያው ወደ መስኮቱ ዞረች።

ወደ ቤት ሲመለሱ በዛፎቹ ጥላ እያረፉ ነበር። እናቷ አንድ ግንብ ላይ ተቀመጠችና ትንፋሿን ሰበሰበች።

«ዕንቁዋ አልዋሸችም» አለች። «ብዬዋለሁ። ስንት ሐሙስ ብዬዋለሁ።»

«ለምን እማ?»

«አባታችሁ የሞተ ሰሞን ሐሙስ በደረሰ ቁጥር እሄዳለሁ። ስለ እሱ ልናገር አፌን ስከፍት መብራቷ ትጠፋለች። ስለ ሳቁ ልናገር፤ ትጠፋለች። ስለ ሐኪሙ ልናገር፤ ትጠፋለች። ሳልንቀጠቀጥ ላወጣው የቻልኩት ይህንኑ ብቻ ነበር፤ 'እኔን ቢላ አይነካኝም'። እሱን ስል መብራቷ በርታ ትቆያለች። ስለ ባለቤቴ ቢያንስ አንድ ነገር ተቆጠረልኝ ብዬ ደስ ይለኝ ነበር። ይኸው ሁልጊዜ እሱን አልኩ።»

ጦይባ ከአጠገቧ ተቀመጠች። ንዴትና ሐዘን ተደባልቀውባት ነበር። እናቷ በጣቶቿ የነጠላዋን ጠርዝ ትፈትል ነበር።

«አልሞትም ጦይባ» አለች። «አልሞትም እኮ ነው የምልሽ።»

«ሰምቼሻለሁ እማ።»

ቤት ሲደርሱ የጦይባ ታናሽ ወንድም ይማም ሳሎን ውስጥ ከዕንቁዋ ጋር እያወራ ነበር። ይማም አባቱን ቀድሞ ያጣ ቤት ውስጥ ያደገ፣ ሰው ማስቀየም የማይችል ልጅ ነው፤ አሁን አርባ ሊሞላው ነው፣ ከእናቱ ሳይማከር ሸሚዝ እንኳ አይገዛም። የሚማከራት እናት ደግሞ የመደርደሪያዋ ናት። እውነት ለመናገር የመደርደሪያዋ መልካም እናት ናት። አትጮህም፣ አትረሳም፣ አትታመምም። ጦይባ እንደገባች «ልጄ፣ ቆመሽ አትዋይ፤ እግርሽ ያብጣል» አለቻት። ጦይባ ይህን ቃል ትወደው ነበር። ዛሬም ወደደችው፤ ያስጠላትም ይኸው ነው።

«እማ» አለች ለዕንቁዋ። «ዶክተሯ ደውላልሻለች አይደል?»

«ደውላለች።»

«ያቺ ጓዳ ያለችው ልትሞት ነው።»

«ሥጋ ያልፋል ልጄ። እኔ አለሁ።»

ይማም ራሱን ነቀነቀ። «ሰማሽ አይደል እትዬ? እሷ ራሷ ነች የወሰነችው። ለቀሪዋ ሲባል የእማን ቃል እንሽር?»

«ቀሪዋ አትበላት» አለች ጦይባ።

«ታዲያ ምን ልበላት?»

ጦይባ በዚያች ሌሊት ሳይሆን በማግስቱ ጠዋት፣ ሹሩባ ቤቷን ሳትከፍት፣ መምህር ዋሴ ዘንድ ሄደች።

መምህር ዋሴ የአስካል ትምህርት ጠባቂ ናቸው፤ የከተማው ሙግት የሚታየውም በእሳቸው ፊት ነው። ጦይባን ልጅ ሳለች ፊደልም መርጋትም ያስተማሯት እሳቸው ናቸው። ባለቤታቸው ቀድማቸው ረግታ ኋላም ሥጋዋ አልፏል፤ ዛሬም እራት ሲቀርብ ዕንቁዋን ትሪው ፊት ያስቀምጧታል። ጦይባ የመጣችበትን ስትነግራቸው ዓይናቸውን ጨፍነው አዳመጡ።

«ቀሪ ከዕንቁው ጋር መሟገት ይችላል» አሉ። «አስካል ራሷ ፈቅዳለች። እኔ ግን በዕድሜዬ የረታ አላየሁም።»

«እኛም እንሞክረዋ መምህር» አለች ጦይባ።

ሙግቱ የተያዘው በድሮው የኦፓል መጋዘን ውስጥ ነው። ጣሪያው ከፍ ያለ፣ ግድግዳው ነጭ ነው፤ መሃሉ ላይ ጠረጴዛና አንዲት መብራት አለች። ሰው ቀደም ብሎ መጥቶ ሞላው። ጦይባ ጸጉራቸውን የምትሠራላቸው ሴቶች ከኋላ ተደርድረው ተቀመጡ፤ ነገሩን ሊያዩም፣ ሊያዝኑላትም። ይማም ዕንቁዋን በነጭ ጨርቅ ጠቅልሎ፣ ደረቱ ላይ አቅፎ አመጣትና በአንድ ወገን አስቀመጣት። በሌላው ወገን እናቷ ነበረች፤ አንገቷ ቀጥኖ፣ ነጠላዋ ሰፍቷት።

«ቀሪዋ ትናገር» አሉ መምህር ዋሴ።

እናቷ ጠረጴዛውን ተደግፋ ተነሳች። «እኔ…» አለች፤ መብራቷ ጠፋች። ጠበቀች፤ መብራቷ ተመልሳ በራች። «እኔ መሞት…» መብራቷ ጠፋች። ሰዎቹ አንገታቸውን ደፉ፤ በአፋፍ ሰው ሲደፈርስ ማየት ነውር ነው። እናቷ አየር ሳበችና «ነገረ ፈጅ አለኝ፤ ልጄ ናት» አለች። ይህኛው ተቆጠረላት።

ጦይባ ሌሊቱን በሙሉ ያሰበችው ስለዚህች መብራት ነበር። ሹሩባ ስትጀምር እንደምታደርገው ትከሻዋን ለቀቅ፣ ትንፋሿን ዝቅ አደረገች። ከዚያ ወደ ዕንቁዋ ዞረች።

«እማ፣ አባዬ የሞተ ዕለት አለቀስሽ?»

«አላለቀስኩም ልጄ። ሐሙስ ቀን መጣሁና የሆነውን ተናገርኩ።» ከኋላ አንድ ሰው «እሰይ» አለ በቀስታ።

«ፈርተሽ ታውቂያለሽ?»

«አላውቅም።»

«በዚያ ሰሞን አልጋሽ ውስጥ አስተኝተሽኝ እጄን ስትጨብጪው ትዝ ይልሻል?»

«እንዲህ ያለ ነገር የለኝም» አለች ዕንቁዋ።

ጦይባ ወደ መምህር ዋሴ ዞረች። «ሰምተዋል መምህር። እኔ ግን አለኝ። የአባዬ ሐዘን እስኪወጣ ከእናቴ ጋር ነው የተኛሁት። ትራሷ ሲረጥብ አውቃለሁ፤ ጠዋት ገልብጣው ስትነሳም አውቃለሁ። 'ቢላ አይነካኝም' ያለችው አምናበት አይደለም። ሳትንቀጠቀጥ ልታወጣው የቻለችው ቃል እሱ ብቻ ስለሆነ ነው። ሌላውን ሁሉ ይህች መብራት አጠፋችው። እናንተ በጨርቅ ጠቅልላችሁ ያመጣችሁት የእናቴን ግማሽ ነው። ግማሹ ደግሞ ይኸው ቆሟል፤ መኖር እፈልጋለሁ ይላል።»

መብራቷ አልጠፋችም። አዳራሹ ውስጥ ማጉረምረም ተሰማ፤ ከኋላ ካሉት ሴቶች አንዷ ነጠላዋን አፏ ላይ አደረገች። ጦይባ የረታች መሰላት። እጇን ወደ እናቷ ዘርግታ ጣቶቿን ያዘች።

መምህር ዋሴ ዓይናቸውን ከመብራቷ ወደ ጦይባ መለሱ።

«ልጄ» አሉ። «ያልሽው ሁሉ እውነት ነው። በደንብም ተናግረሽዋል፤ ያስተማርኩሽ ልጅ በመሆንሽ ኮርቻለሁ። ዕንቁዋ ማልቀሷን አታውቅም። መፍራቷንም አታውቅም። የምናምናትም ለዚህ ነው።»

ጦይባ ያቀረበችው ሁሉ ተቀባይነት አግኝቶ ነው የተረታችው።

ያን ጊዜ እናቷ የልጇን እጅ ለቃ ቀና አለች። «መምህር ዋሴ፣ መብራቱን ተዉት» አለች። መብራቷ ወዲያው ጠፋች፤ እናቷ ግን አላቆመችም። ድምፅዋ እየተንቀጠቀጠ፣ አፍንጫዋ እየፈሰሰ ተናገረች። «ዛሬ ዕንቁዋ ብትረታ ምን ትሆናለች? ወደ መደርደሪያዋ ትመለሳለች። ይማም አቧራዋን ይጠርግላታል። አፈር የሚገባው የእኔ ሆድ ነው። የማይሞት ነገር እንዴት ነው ስለ እኔ 'ትሙት' የሚለው? እፈራለሁ መምህር። በጣም ነው የምፈራው። ስለምፈራ ነው ማወቄ።»

መምህር ዋሴ የጠፋችውን መብራት ይመለከቱ ነበር። እጃቸው ጠረጴዛው ላይ ተዘርግቶ፣ ጣታቸው እንጨቱን ይፍቃል።

«ያልተቆጠረ ቃል ነው» አሉ ዝቅ ባለ ድምፅ። «ዕንቁዋ ረትታለች።»

በወጉ መሠረት የተረታው ሰው ዕንቁውን አመስግኖ ይወጣል። እናቷ ወደ ዕንቁዋ ቀረበችና ትክ ብላ አየቻት። «አልተጣላንም» አለቻት። «ግን ሆዴን አልሰጥሽም።» ከዚያ የልጇን ክንድ ይዛ ወጣች።

መምህር ዋሴ ደጅ ድረስ ተከተሏቸው። ጦይባን ወደ ጎን ሳብ አደረጓት። «ምን እንዳሰብሽ አውቃለሁ» አሉ። «ወደ ቆላ ከሚያወርደው የገመድ ጣቢያ ካለፈች ሎሚ አይደለችም። ስሟም፣ ቤቷም፣ የተዘጋጀላት መቃብርም እዚህ ይቀራል። የአንቺም ሹሩባ ቤት የቆመው በዕንቁዋ ዋስትና ነው፤ ነገ ይታሸጋል።»

«አውቃለሁ መምህር።»

«ታዲያ?»

«ጸጉር የትም አገር ይበቅላል» አለች ጦይባ።

መምህር ዋሴ ሊቆጡም ሊስቁም ከጀላቸው፤ ረግተው የኖሩ ሰው ናቸውና አንዱንም ሳያደርጉ ተመለሱ።

በማግስቱ ሁለት ሻንጣ አሰሩ። ይማም አንዱን እስከ በር ተሸከመ፤ ፊቱ ገርጥቷል፣ ከትናንት ጀምሮ እህል አልቀመሰም። ታክሲው ሲመጣ ሻንጣውን አስገባና እጁን ኪሱ ከትቶ ቆመ።

«ና አብረን እንሂድ» አለችው ጦይባ። «እስክትድን ብቻ።»

«እትዬ» አለ ይማም፣ «እናቴን ጥዬ የት እሄዳለሁ?»

እናቱ አጠገቡ አጎንብሳ የጫማዋን ክር እያሰረች ነበር። ሰምታዋለች። ክሩን አስራ ስትጨርስ ትከሻውን ተደግፋ ተነሳች፣ ጉንጩን ሳመችው፣ ታክሲ ውስጥ ገባች። መንገድ ላይ ሳለች ብቻ «ራት አይበላም ይሆናል፤ ብቻውን ሲሆን አይበላም» አለች።

የገመዱ ጣቢያ ከከተማው ጫፍ፣ ገደሉ አፍ ላይ ነው። ከዚያ የሚነሳው ሳጥን በብረት ገመድ ተንጠልጥሎ ቆላ ይወርዳል፤ ከታች የደሴ ባቡር ይጠብቃል። መውጫው ላይ የቆመችው ጠባቂ ጦይባ ለሠርጓ ጸጉሯን የጎነጎነችላት ልጅ ነበረች።

«ስም?» አለች ልማዷ ስለሆነ።

«ሎሚ አራጋው» አለች እናቷ።

ልጅቷ የስም ዝርዝር የሚያሳያትን መስታወቷን አየች። «ሎሚ አራጋው ቤታቸው ናቸው ይላል።»

«እንግዲያው ይኼ የቆመው ማነው?»

ልጅቷ ወደ ጦይባ ተመለከተች፣ ከዚያ ጸጉሯን ወደጎነጎኑላት ጣቶች። «ስም የላቸውም ብዬ ላሳልፍ እችላለሁ» አለች። «ግን በዚያ ከወጡ መመለሻ የለም።»

«በይ አሳልፊኝ» አለች እናቷ። «ስሜን እሷ ትያዘው፤ እኔ ሆዴን ይዤ ልውረድ።»

ሳጥኑ ሲንቀሳቀስ እናቷ ዓይኗን ጨፍና የጦይባን ክንድ በሁለት እጇ ጨበጠች። ጥፍሯ ቆዳዋ ውስጥ ገባ። ጦይባ አመማት፤ ግን እስከ ታች ድረስ አላስለቀቀቻትም።

ደሴ ጫጫታ ነበረች። ሰው መንገድ ላይ ይጮሃል፣ ሻጭ ይጣራል፣ ሁለት ሾፌሮች መስኮት ዝቅ አድርገው ይሰዳደባሉ፤ ወዲያው ደግሞ ይሳሳቃሉ። እናትና ልጅ የመጀመሪያውን ቀን ጆሯቸውን ይዘው ነበር የሄዱት። ሐኪም ቤቱ ውስጥ ነርሷ ቀና ሳትል «ለቀዶ ጥገናው ማን ይፈርማል?» አለች። ጦይባ እጇን ዘረጋች። እናቷ ቀደመቻት።

«የታመመው የማን ሆድ ነው?» አለች።

«የእርስዎ ነዋ እማማ» አለች ነርሷ ግራ ገብቷት።

«ታዲያ እኔ እፈርማለኋ።» ከረጋች ጀምሮ ብዕር ጨብጣ አታውቅም፤ ጊዜ ወሰደባት፣ ፊደሉም ተንጋደደ። ነርሷ አላስቸኮለቻትም።

ወደ ቀዶ ጥገናው ክፍል ሊያስገቧት ሲሉ እናቷ በኮሪደሩ ላይ ድምፅ አውጥታ አለቀሰች። ጦይባ ደንግጣ ዙሪያዋን አየች፤ ልማድ ነው፣ የሚጠፋ መብራት ፈለገች። መብራቱ ሁሉ እንደበራ ነበር። አልጋዋን የሚገፋው ሰውዬ ቆመና «አይዞዎት እናቴ፣ ሁሉም ያለቅሳል፤ እኔም ተራዬ ሲደርስ አልቅሻለሁ» አላት። እናቷ እያለቀሰች ገባች። ጦይባ በሩ ፊት ቆማ ቀረች፤ አንዲት ሴት ወንበር ብትሰጣትም አልተቀመጠችም።

ዕጢው ወጣ። እናቷ ስትነቃ፣ መልሶ ሲያሸልባት ሰነበተች፤ ከዚያ ሾርባ ጠጣች፣ ከዚያ ሾርባው ጨው የለውም ብላ ተጣላች። ጦይባ ይህን ስትሰማ ወደ መስኮቱ ዞራ ሳቀች። የሐኪም ቤቱ ጎረቤት የሆነች ሹሩባ ሠሪ እጅ የሚያግዛት ሰው ስትፈልግ ስለነበር ለጦይባ ሥራም ተገኝቷል፤ ከሐኪም ቤቱ ጀርባ አንዲት ክፍል ተከራይታለች።

እናቷ አልጋዋ ላይ ቀና ብላ መቀመጥ የቻለች ዕለት ስልክ ጠየቀች። ጦይባ ለማን እንደሆነ አልጠየቀቻትም፤ የቤታቸውን ቁጥር መትታ ሰጠቻት። በአፋፍ ስልክ የሚያነሳው ዕንቁው ነው፤ የሚባለውም ለሳሎኑ ሁሉ ይሰማል።

«አሰላሙ ዐለይኩም፤ ሎሚ ነኝ» አለ ወፍራሙ ድምፅ።

«ወዐለይኩም ሰላም። እኔም ሎሚ ነኝ።»

«ሎሚ እዚህ ናት።»

«እዚያም ትሁን። አንድ ነገር ልነግርሽ ነው የደወልኩት። ቆረጡኝ። አልሞትኩም። ያልነው ነገር ስህተት ነበር፤ አርሚው።»

«ከረጋሁ በኋላ የሚነገር ተን ነው» አለች ዕንቁዋ።

«ተን ይሁን። ነገም እደውላለሁ። ከነገ ወዲያም እደውላለሁ። አንቺ አትደክሚም፤ እኔም እስክሞት ጊዜ አለኝ።»

«እኔን ቢላ አይነካኝም» አለች ዕንቁዋ፣ እንደ ሁልጊዜው ረጋ ብላ። «ባሌን ቆርጠው ገደሉት።»

እናቷ ልትመልስ አፏን ከፈተች። ጦይባ አልጋው ጫፍ ላይ ሆና ታያታለች። «አዎ» አለች እናቷ። «ገደሉብኝ። እንዴት ያለ ሰው ነበር እኮ።» ከዚያ ድምፅዋ ተሰበረ። ሐኪም ቤቱ ኮሪደር ላይ እንዳለቀሰችው ዓይነት አልነበረም፤ ያ ፍርሃት ነበር። ይኼኛው ሆድ ውስጥ የከረመ፣ ትራስ ውስጥ የታፈነ ለቅሶ ነው። በልማድ እጇን ወደ አፏ አነሳች፤ ከዚያ መልሳ ጭኗ ላይ አኖረችው። ለቅሶዋ በስልኩ ሄዶ አፋፍ ያለውን ሳሎን ሞላው።

በዚያኛው ጫፍ ወንበር ተንቀሳቀሰ። የእግር ኮቴ ቀረበ።

«እማ?» አለ ይማም።

«አቤት ልጄ» አለች ዕንቁዋ።

«አንቺን አይደለም» አላት። «የምታለቅሰዋን ነው።»